መርዶው ከነጋሪው ሲቀድም

አዳማ ውስጥ፣ በአሮጌው ባቡር ጣቢያ አካባቢ ያለ አንድ እድር ሁለት አባላቱን መርጦ አንድ ጉዳይ አጥንታችሁ አቅርቡ አላቸው። ጉዳዩ የጡሩምባ ነፊው ደመወዝ ይቀጥል ወይስ ይቅር የሚል ነው። ወጣቶቹ የሞት ዜና በቴሌግራም ይነገር ይላሉ፤ ሽማግሌዎቹ አይሆንም ብለዋል። ከተመረጡት አንዱ የእድሩ ዳኛ ናቸው፤ በቴሌ ማዞሪያ ላይ ሠርተው ጡረታ የወጡ ሰው። ሌላዋ በሆስፒታል ድንገተኛ ክፍል የምትሠራ ነርስ ናት፤ ሰፈሩ ሲስተር እያለ ይጠራታል። ምልልሳቸው እንዲህ ነበር።

ሲስተር፦ ጋሼ፣ ከወዲሁ ልንገርዎ፤ ለጡሩምባው ትከራከራለች ብለው እንዳይጠብቁኝ። ሌሊቱን ተረኛ ሆኜ አድሬ ገና ጎኔን ከማሳረፌ ይነፋብኛል። ደግሞም ማን እንደሞተ በውል አይሰማም፤ ከባጃጁ ጩኸት ጋር ተደባልቆ ስሙ ይዋጣል። ቴሌግራሙ ላይ ግን የሟች ስም፣ የቀብሩ ሰዓት፣ ቦታው፣ ሁሉም ተጽፎ ይገኛል።

ዳኛው፦ ያልሽው ሁሉ ልክ ነው። እኔም የጡሩምባው ድምፅ ናፍቆኝ አይደለም የምሟገተው። አንድ ነገር ልጠይቅሽ፤ ጡሩምባው የሚነፋው ለማን ነው?

ሲስተር፦ ለእኛ ለአባላቱ ነዋ።

ዳኛው፦ ለሐዘንተኛው ግን አይደለም። ጡሩምባ ነፊው ከቤቱ ሳይወጣ ሐዘንተኛው ተረድቷል። ሁለት ሦስት ሽማግሌዎች ከንጋቱ በፊት ጎረቤት ቤት ይሰበሰባሉ። የምትረዳው ሴት ከሆነች አቅፋ የምትይዛት ጠንካራ ሴት አብራ ትሄዳለች። ውሃ ይዘጋጃል። ከዚያ በሩ ይንኳኳል። ማታ አይነገርም፤ ሌሊቱ ይረዝምባታል። ሥራ ቦታም አይነገርም። ሰፈሩ የሚሰማው ይህ ሁሉ ካለቀ በኋላ ነው። ቴሌግራሙ ያፈረሰብን ይህን ተራ ነው። መልእክቱ ለሁሉም በአንድ ጊዜ ይደርሳል፤ ከሚደርሳቸው አንዱ የሟች የእህት ልጅ ይሆንና ሞጆ ላይ መኪና እየነዳ ያነበዋል።

ሲስተር፦ የሚያስቡት ስለዚያች ጅዳ ስላለችው ልጅ ነው አይደል?

ዳኛው፦ እሷን እንዴት አድርጌ እረሳለሁ? እናቷ ያረፈችው ማክሰኞ ነው። ልጅቷ የሰው ቤት ሠራተኛ ናት፤ ከቤት የምትወጣው ዓርብ ብቻ ነው። እዚያው ጅዳ ያለች የሰፈራችን ልጅ ዓርብ ዕለት ወደ ራሷ ቤት ወስዳ፣ ሌሎች ሐበሾች ባሉበት እንድትነግራት ተስማማን። ማክሰኞ ማታ የአጎቷ ልጅ የእናቷን ፎቶ ፌስቡክ ላይ ለጠፈው፤ ከሥሩ «ነፍስ ይማር» ተደረደረ። ልጅቷ በማዳሟ ወጥ ቤት ቆማ ስልኳን ከፈተች። ጮኸች። ማዳሟ ምን ሆንሽ ብትላት በምን አፏ ትንገራት? ያ የአጎት ልጅ ደግሞ ክፉ ሰው አይደለም። አክስቱን ይወዳት ነበር፤ እያለቀሰ ነው የለጠፈው።

ሲስተር፦ እኔም የምለው ይህንኑ ነው። ስልኩ ጨካኝ አላደረገውም። አዝኗል፤ ሐዘኑን ያወጣው ግን ዓለም ሁሉ በሚያይበት ቦታ ሆነ። እኛም ሆስፒታል በየጊዜው ይገጥመናል። በ2007 ዓ.ም. ከተከፈተው ከአዲስ አበባ አዳማ የፍጥነት መንገድ የአደጋ ተጎጂ ይመጣል፤ መታወቂያ አልያዘም። የሚያውቀው ይገኝ ብሎ አንዱ ፎቶውን ይለጥፋል። ብዙ ሳይቆይ ቤተሰቡ ይገኛል። ይህን ጡሩምባ አይሠራውም። እናትየው ግን በራችን ላይ የምትደርሰው ልጇን በደም ተነክሮ በስልክ ካየችው በኋላ ነው። ቀስ ብዬ ልነግራት ያዘጋጀሁት ቃል ሁሉ ከንቱ ይቀራል።

ዳኛው፦ ቴሌ ሳለሁ ስንቱን ሰው አገናኝቻለሁ። ያኔ ስልክ በየቤቱ የለም። ሰው ቢሯችን መጥቶ የሚፈልገውን ቁጥር አስመዝግቦ ተራውን ይጠብቃል። መስመሩ ደካማ ስለሆነ ሁሉም እየጮኸ ነው የሚያወራው፤ ሳልፈልግም እሰማለሁ። በእነዚያ ሁሉ ዓመታት «አባትህ ሞተ» የሚል ቃል በዚያ ሽቦ ሲያልፍ ሰምቼ አላውቅም። «ጋሽዬ ጠንክሮባቸዋል፣ ቶሎ ና» ነው የሚባለው። ሰሚው ይጠረጥራል። ከድሬዳዋ ተሳፍሮ አዳማ እስኪወርድ ድረስ ጥርጣሬው ልቡን ያለማምደዋል። ባቡሩም በቀስታው ጊዜ ይሰጠው ነበር።

ሲስተር፦ እርስዎ ልብ ማለማመድ ይሉታል፤ እኔ ውሸት እለዋለሁ። ሰውየው መንገዱን ሙሉ በሕይወት እደርስበት ይሆን እያለ ተስሎ መጥቶ የሚያገኘው ድንኳን ነው። ከዚያ የባሰም አለ። ዐረብ አገር ያለች ልጅ ትደነግጣለች፣ ሥራዋን ጥላ ትመጣለች ተብሎ መርዶው ለወራት ይደበቅባታል፤ እሷ ለሞተች እናቷ የመድኃኒት ገንዘብ ትልካለች። ይህን ያደረገው ፌስቡክ አይደለም። የጅዳዋንም ልጅ ቢሆን ከማክሰኞ እስከ ዓርብ ልንደብቃት ነበር እኮ! አዳማ ውስጥ የማያውቃት ሰው ሁሉ የእናቷን ሞት ሲያውቅ የማታውቀው እሷ ብቻ ልትሆን ነበር። ማን ሥልጣን ሰጠን?

ዳኛው፦ ይህ ሲነገረኝ ያመኛል፤ ግን እውነት ነው። ለመድኃኒት የተላከ ገንዘብ ለተዝካር የዋለበት ቤት አውቃለሁ። ታዲያ ተጽፎ ይላክላት ነው የምትይው?

ሲስተር፦ ጽሑፉ አይደለም፤ ድምፁ ነው። በአሜሪካ የዊስኮንሲን ማዲሰን ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች በ2012 እ.ኤ.አ. ያሳተሙት አንድ ጥናት አለ። ከ7 ዓመት ተኩል እስከ 12 ዓመት ያሉ ልጃገረዶችን በማያውቋቸው ሰዎች ፊት አቁመው ንግግር አስደረጓቸው፣ ሒሳብ አስሠሯቸው። ልጆቹ ተጨነቁ። ከዚያ ከፊሎቹ እናታቸውን በአካል አገኙ፤ ከፊሎቹ በስልክ አነጋገሯት፤ ከፊሎቹ በኮምፒዩተር ጽሑፍ ተለዋወጡ፤ የቀሩት ለብቻቸው ተቀመጡ። ያቀፈቻቸውና ድምፅዋን የሰሙት ተረጋጉ፤ ኮርቲሶል የሚባለው የጭንቀት ሆርሞናቸው ወረደ። ጽሑፍ የተለዋወጡት ግን ለብቻቸው ከተቀመጡት አልተሻሉም። የጻፈችላቸው ያችው እናታቸው ናት፤ የጻፈችውም የእናት ቃል ነው። ሰውነታቸው ግን እናቱን ያወቃት በድምፅዋ ነው።

ዳኛው፦ የእኔ ያረጀ ሽቦ ከአዲሱ ቴሌግራም ለሰው ይቀርብ ነበር በይኛ!

ሲስተር፦ በዚህ በኩል አዎ። አዲሱም ግን ድምፅ አለው፣ ምስልም አለው። በሠልስቱ ቀን ሴቶቹ በኢሞ ደውለውላት ስልኩን ሲቀባበሉት አላዩም? የእናቷ ጎረቤቶች እያንዳንዳቸው ስሟን እየጠሩ አብረዋት አለቀሱ። አንዷ እናቷ በመጨረሻው ሳምንት ምን እንዳለች ነገረቻት። ልጅቷ ከወጥ ቤቱ ጩኸት በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ በደንብ ያለቀሰችው ያን ቀን መሆኑን ራሷ ነግራኛለች። ይህ በእርስዎ ዘመን አይታሰብም ነበር።

ዳኛው፦ አይቻለሁ፤ አስለቅሶኛልም። በዚያው ድንኳን ሌላም ያየሁት አለ። ዱሮ ሐዘንተኛው ብቻውን እንዳያስብ ካርታ ይጫወቱለታል፣ ያወሩለታል። አሁን አምስት ሰው በአንድ አግዳሚ ተቀምጦ አምስቱም በየስልኩ ጠፍቷል። ሐዘንተኛው መሐላቸው ተቀምጦ ጣሪያ ያያል። ያው ስልክ ሴቶቹ ዘንድ ሩቅ ያለችውን አቀረበ፤ ወንዶቹ ዘንድ ቅርብ ያለውን አራቀ።

ሲስተር፦ ልዩነቱን አስተዋሉት? ሴቶቹ ስልኩን የያዙት ለሐዘንተኛዋ ነው። ወንዶቹ የያዙት ከሐዘንተኛው ለመሸሽ ነው። ሐዘንተኛ ፊት መቀመጥ ከባድ ነገር ነው፤ የሚባለው ይጠፋል። ዱሮ መሸሻ አልነበረም፤ ዛሬ በየኪሱ አለ።

ዳኛው፦ ይሁን፤ እኔን ግን የሚያስፈራኝ ከሰፈራችን የሰፋው ነው። ሚያዝያ 11 ቀን 2007 ዓ.ም. አይሲስ ሊቢያ ውስጥ ኢትዮጵያውያንን ሲገድል የሚያሳየውን ቪዲዮ የለቀቀ ጊዜ፣ አዲስ አበባ ቂርቆስ ውስጥ ቤተሰቦች ልጆቻቸውን የለዩት ከዚያ ምስል ነው። ገዳዩ ራሱ መርዶ ነጋሪ ሆነ። በአንድ ሰው ላይ ከዚህ የከፋ ነገር ይሠራል?

ሲስተር፦ አይሠራም። ግን የዚያን ሳምንት ቂርቆስን ረግጦ የማያውቅ ሰው ሁሉ ቂርቆስ ሄዶ አለቀሰ፤ የሦስት ቀን ብሔራዊ ሐዘን ታወጀ። ከዚያ በፊት በረሃና ባሕር የቀሩት ስንት ናቸው? ምስል አልነበራቸውምና ስማቸውን የጠራ የለም።

ዳኛው፦ መጋቢት 1 ቀን 2011 ዓ.ም. ደግሞ እዚሁ ቢሾፍቱ አጠገብ፣ ጊምቢቹ ወረዳ ላይ የወደቀውን አውሮፕላን አስቢ። 157 ሰው ነው ያለቀው። የጠቅላይ ሚኒስትሩ ጽሕፈት ቤት የሐዘን መግለጫ በትዊተር ወጣ፤ ናይሮቢ ኤርፖርት ዘመዳቸውን ሊቀበሉ የቆሙትን ገና ቀርቦ የነገራቸው ሳይኖር ዜናው ዓለምን ዞሮ ነበር። በሌላ በኩል አውሮፕላኑ የወደቀበት የቱሉ ፈራ ገበሬዎች አሉልሽ። ከሟቾቹ አንዱንም አያውቁም፤ ከ30 በላይ አገር የመጣ ሰው ነው። እንደ ሥጋ ዘመዳቸው አለቀሱለት። የሟቾቹ ቤተሰቦች ቆይተው ከየአገሩ ሲመጡ ያገኙት የእነሱን ለቅሶ ነው። ለዚያ ለቅሶ ማንም መልእክት አልላከላቸውም፤ ቦታው ላይ ስለነበሩ ነው ያለቀሱት።

ሲስተር፦ ቦታው ላይ መገኘት ብቻውን ርኅራኄ አይሆንም ጋሼ። ሻሸመኔን ልጥቀስልዎ። ነሐሴ 6 ቀን 2010 ዓ.ም. ጃዋር መሐመድን ሊቀበል በወጣው ሕዝብ መካከል ቦምብ ይዟል የሚል የሐሰት ወሬ ተነሥቶ አንድ ሰው ተደብድቦ ተሰቀለ። በዙሪያው ያለው ሰው ሁሉ በአካል ነበር። ምስሉ ተነሥቶ በዚያው ሰሞን አገር አዳረሰ። ስልክ ከፍ አድርጎ የያዘ እጅ ሰው ለማስጣል አይዘረጋም፤ እውነት ነው። ያንን ሰው የገደለው ግን ካሜራ አይደለም፤ አጠገቡ የቆመ ሕዝብ ነው። አገሩንም ያስቆጣው ያው ምስል ነው።

ዳኛው፦ ያስቆጣው ይሆናል፤ የእኔ ጥያቄ ሌላ ነው። የዚያን ሰው ዘመዶች ምስሉ ሳያገኛቸው በፊት ማን ፈለጋቸው? ቁጣው የእኛ ነው፤ ሐዘኑ የእነሱ ነው። እኛ ተቆጥተን ስናጋራው ለእነሱ መርዶውን ደግመን ደጋግመን እንነግራቸዋለን።

ሲስተር፦ ይህን አልክድዎትም። መስመሩ ሲዘጋ ምን እንደሚመስልም ግን ያስታውሱ። ሃጫሉ ሁንዴሳ ሰኔ 22 ቀን 2012 ዓ.ም. ተገድሎ በማግሥቱ ኢንተርኔት ሲቋረጥ ሦስት ሳምንት ያህል ቆየ። በእነዚያ ቀናት በእኛ መንገድ ላይ ባሉት ከተሞች ሰው ሞቷል፤ ዝዋይና ሻሸመኔ ንብረት ተቃጥሏል። ውጭ አገር ያለ ልጅ እናቱ ትኑር ትሙት ሳያውቅ ሌሊቱን ያነጋ ነበር። ዜናው በመዘግየቱ የዳነ ልብ አላየሁም።

ዳኛው፦ እንግዲህ ፈጣኑም ይጎዳል፣ የዘገየውም ይጎዳል።

ሲስተር፦ ስለዚህ ነገሩ የፍጥነት ጉዳይ አይደለም ማለት ነው። ጥያቄው ዜናው ሲደርስ አጠገቧ ማን አለ የሚለው ነው።

ዳኛው፦ ቆይ፣ እዚህ ላይ ልያዝሽ። ስልክ ልባችንን አደንድኖታል የሚለውን አትቀበይም ማለት ነው?

ሲስተር፦ በደፈናው አልቀበልም። አሜሪካ ውስጥ ሣራ ኮንራት የምትባል ተመራማሪና ባልደረቦቿ ከ1979 እስከ 2009 እ.ኤ.አ. የተደረጉ 72 ጥናቶችን ሰብስበው ሲያዩ የኮሌጅ ተማሪዎች ርኅራኄ በ40 በመቶ ገደማ ቀንሶ አገኙት። ያን ጊዜ ብዙ ሰው ኢንተርኔቱን ወቀሰ። ቆይተው እስከ 2018 ያለውን ሲያጠኑ ግን ከ2008 ወዲህ መልሶ ከፍ ብሏል። 2008 ማለት ደግሞ እነዚህ ዘመናዊ ስልኮች ገና መስፋፋት የጀመሩበት ጊዜ ነው።

ዳኛው፦ እንዴት አድርገው ነው የሚለኩት?

ሲስተር፦ ተማሪዎቹ ስለራሳቸው መጠይቅ ይሞላሉ።

ዳኛው፦ ስለራሳቸው? «ለሰው አዝናለሁ» ብሎ የማይሞላ ማነው ልጄ! እኔ የማምነው የስም ጥሪውን ነው። ቀብር ላይ መዝገብ ይዘን ስም የምንጠራው፣ የቀረውን የምንቀጣው ለምን ይመስልሻል? ሰው ክፉ ስለሆነ አይደለም። አዝኖም ይቀራል። በአዳማ የቀትር ፀሐይ እስከ መቃብር ለመሄድ ሐዘኔታ ብቻ አይበቃም።

ሲስተር፦ አሁን ጥሩ ነገር አነሡ። እድሩም ራሱ ሰው የፈጠረው መሣሪያ ነው እኮ። ይቺን ከተማ የቆረቆራት ባቡሩ ነው። በ1946 ዓ.ም. ደግሞ ሆላንዶቹ ወንጂ ላይ የስኳር ፋብሪካ ከፈቱ። ከየአገሩ ሠራተኛ ጎረፈ፤ ጉራጌው፣ ከምባታው፣ አማራው፣ ኦሮሞው። ከሥጋ ዘመዱ ርቆ የመጣ ሰው ብሞት ማን ይቀብረኛል ብሎ ይሰጋል። መዝገብ፣ መዋጮ፣ ቅጣት ያስፈለገው ለዚህ ነው። እንግዶቹ ዘመድ የሆኑት በመተዳደሪያ ደንብ ነው። እናንተ ደግሞ ደጉ ዘመን ትላላችሁ፤ በደጉ ዘመንም ሰው ለቅሶ የደረሰው ቅጣት እየፈራ ነው።

ዳኛው፦ እየፈራ ሄዶ ግን እያለቀሰ ይመለሳል። ይህን አትርሺ። በግዴታ የመጣው ሰው የሐዘንተኛዋን ፊት ሲያይ ልቡ ይከተለዋል። ስልኩ ያስቀረብን ይህን ነው። ስሜቱ ቀድሞ ይመጣል፤ ሰውየው አዝኖ፣ ጽፎ፣ የምታለቅስ ፊት ለጥፎ ይጨርሳል፤ ድርሻዬን ተወጣሁ ብሎ ይተኛል። በ2013 ዓ.ም. ቴሌብር ሲመጣ መዋጮ መሰብሰቡ ቀለለልን፤ አመሰግናለሁ። ከዚያ ወዲህ ግን ወርኃዊ ስብሰባው ባዶ ሆነ። ባለፈው አንዱ አባል ቀብር ሳይደርስ የቅጣቱን ገንዘብ አስቀድሞ ላከልን!

ሲስተር፦ አልሳቅም ብል ውሸቴን ነው። ግን በዚያው በስልክ በሚላክ ገንዘብ የሆነውንም ይቁጠሩ። በ2017 ዓ.ም. ለመቄዶንያ የአረጋውያንና የአእምሮ ሕሙማን መርጃ ማዕከል በዩቲዩብ በቀጥታ ሥርጭት እርዳታ ሲሰበሰብ፣ ሰው ከአገር ውስጥም ከውጭም በመቶ ሚሊዮኖች የሚቆጠር ብር ላከ። እነዚያን አረጋውያን አንድም ቀን አይቷቸው የማያውቅ ሰው ነው የላከው። ይህ ርኅራኄ ካልሆነ ምን ይባላል?

ዳኛው፦ ርኅራኄ ነው፤ ትልቅ ርኅራኄ። ያ ገንዘብ ፍሬ የሚያፈራው ግን እዚያ ግቢ ውስጥ ሽማግሌውን የሚያጥብ ሰው ስላለ ነው። የማዕከሉ መሥራች ቢንያም በለጠ ያንን ሥራ የጀመረው ካሜራ ሳይኖር፣ ሰዎቹን ከመንገድ እያነሣ ነው። ገንዘቡ ሩቅ ይደርሳል፤ እጁ የግድ ቅርብ መሆን አለበት።

ሲስተር፦ ልክ ነው። ይህን የተረዳሁት በኮሮና ጊዜ ነው። በ2012 ዓ.ም. መጋቢት መጨረሻ የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ወጥቶ ከአራት ሰው በላይ መሰብሰብ ተከለከለ። ድንኳን ቀረ፤ ለቅሶ በስልክ ተደረሰ።

ዳኛው፦ ከዚያስ ምን ሆነ? ክልከላው ሲላላ ሰው ዕዳ እንዳለበት ሆኖ በየሐዘን ቤቱ ዞረ። ሞቱ ወራት አልፎታል፤ በስልክ አጽናንተዋል፤ ቢሆንም ሄደው እንደ አዲስ አለቀሱ። በስልክ የደረሱትን ለቅሶ እንደ ደረሱ አልቆጠሩትም። አንቺ የአሜሪካን ጥናት ነገርሽኝ፤ የእኔ ጥናት ይኸውልሽ።

ሲስተር፦ እቀበለዋለሁ። አሁን ግን ሪፖርት እንጻፍ፤ አለዚያ በሚቀጥለው ወር ባዶ እጃችንን እንቀርባለን። እኔ የማስበው ልንገርዎ። አንደኛ፣ የሟች ቤተሰብ አንድ ሰው ይወክላል፤ ያ ሰው የቅርብ ዘመዶች ሁሉ ተረድተዋል እስኪል ድረስ የሟች ስም በቴሌግራም አይወጣም።

ዳኛው፦ ሙስሊም አባሎቻችንስ? ጀናዛ በዕለቱ ነው የሚወጣው። ተራ እንጠብቅ ብንል ቀብሩ ያመልጠናል።

ሲስተር፦ ለዚህ ነው ሰዓት ያልጻፍኩት። ተራው ይጠበቅ እንጂ በአንድ ሰዓትም ያልቃል። ስልኩ ያን ጊዜ ይጠቅመናል፤ ወኪሉ እየደወለ ያጣራል። ሁለተኛ፣ ሩቅ ላለ ሰው መጀመሪያ የሚደወለው አጠገቡ ላለ ወዳጁ ነው፤ ወዳጁ ሄዶ ይነግረዋል። ካልተቻለ በድምፅ ይነገረዋል፤ ያውም ብቻህን ነህ ወይ ተብሎ ተጠይቆ፣ ነጋሪውም ስልኩን ቶሎ ሳይዘጋ። በጽሑፍ አይነገርም። ግን ከአንድ ቀን በላይ አይደበቅም፤ «ትንሽ አሟታል» የሚባለውም ይቅር።

ዳኛው፦ አንድ ቀን አጠረብኝ። የጅዳዋ ዓይነት ልጅ ማዳሟ ካላስወጣቻትስ?

ሲስተር፦ ጓደኛዋ ደውላ አብራት ትቆይ። ሦስት ቀን አይሆንም ጋሼ፤ በዚህ አልስማማም።

ዳኛው፦ ሁለት ቀን በይው።

ሲስተር፦ አንድ ቀን ብለን እንጻፈው፤ እርስዎ ጉባኤው ፊት ይከራከሩበት።

ዳኛው፦ እከራከራለሁ። ሦስተኛውን እኔ ልበል፤ ከወኪሉ ቀድሞ የለጠፈ ሰው ከቀብር እንደ ቀረ ተቆጥሮ ይቀጣል። እንዲያውም እጥፍ።

ሲስተር፦ እጥፍ ይሁን፤ በቴሌብር አስቀድሞ መክፈል ግን አይፈቀድም ብለው ያክሉበት! አራተኛው ጡሩምባ ነፊው ነው። ደመወዙ ይቀጥል።

ዳኛው፦ አንቺ? ጡሩምባውን ሰለቸሁት ያልሽው?

ሲስተር፦ ጡሩምባውን እንጂ ሰውየውን አላልኩም። በዚህ ሰፈር ማን በየትኛው በር እንደሚኖር፣ የትኛዋ አሮጊት ለብቻዋ እንደምታድር፣ ማን ልቡ ደካማ እንደሆነ እንደ እሱ የሚያውቅ የለም። ቴሌግራም የሌላቸውን እሱ በየደጃፉ እየሄደ ይንገር። መርዶ ሲኖርም ከሽማግሌዎቹ ጋር ይሂድ፤ ለባጃጁም እድሩ ይክፈል። እስካሁን የከፈልነው ለትንፋሹ ነው፤ ከእንግዲህ ለእግሩ እንክፈል።

ዳኛው፦ ወጣቶቹ ገንዘብ ማባከን ነው ይላሉ። ሽማግሌዎቹ ደግሞ ጡሩምባው ለምን ቀረ ብለው ይነሡብናል። ድምፅ ባናገኝስ?

ሲስተር፦ ባናገኝም ቀጣዩ ሰው ሲሞት እኔና እርስዎ እንዲሁ እናደርገዋለን። ይህ እድርም የመተዳደሪያ ደንቡን የጻፈው ሰው መቅበር ከጀመረ በኋላ ነው፤ ቀድሞ ጽፎ አይደለም የቀበረው።